አስታማሚዋን ማን ጠየቃት?

ከጣራ ገዳም ሥር እስከ ወረታ፣ እስከ ፎገራ ሜዳ ያላችሁ አድማጮች፣ ጎረቤት ሲታመም እንጠይቃለን። ደግ ልማድ ነው። ገብተን «እግዜር ይማርዎ» እንላለን። ቡናው ይፈላል። ጠጥተን፣ መርቀን እንወጣለን።

ቡናውን ያፈላችው ማን ናት? ሌሊቱን ሙሉ እናቷን ስታገላብጥ ያደረችው ልጅ ናት። ልብሱን ያጠበችው እሷ ናት። መድኃኒቱን በሰዓቱ የሰጠችው እሷ ናት። የሩዝ ማሳው አረም ይጠብቃታል፤ ከአልጋው አጠገብ ግን መራቅ አትችልም። ደመወዝ የላትም። ተተኪ የላትም።

በሽተኛዋን ጠየቅን። አስታማሚዋን ማን ጠየቃት?

ዛሬ የታመመ ልትጠይቁ ከሄዳችሁ፣ ሁለቱንም ጠይቁ። ወደ ልጅቱ ዞር በሉ። «አንቺስ፣ እንቅልፍ አገኘሽ?» በሏት። መልሷን ሳትቸኩሉ ስሙ። «ምን ላግዝሽ?» ብቻ ብላችሁ አትለፉ። ይሉኝታ ይይዛትና «ምንም» ትላለች። ይልቅስ «ዛሬ ሌሊት እኔ አድራለሁ፤ አንቺ ተኚ» በሏት።

ወንድሞች፣ ይህ ለእናንተም ነው። እናት የጋራ ናት። ማስታመሙም የጋራ ይሁን።