አርባ ስምንት ሰዓት ከመቼ ይቆጠራል?

(መርሳ ላይ ከዐስር ሰላት በኋላ ለጀመዓው ከተደረገ ንግግር የተወሰደ)



ዛሬ ዳዕዋ ላደርግ አልተነሳሁም፤ ለዚያ ኡለሞቻችን አሉ። እኔ ብዙ ዓመት ፍርድ ቤት በር ላይ ተቀምጬ ማመልከቻ የጻፍኩ ሰው ነኝ። ራፖር ጻፊ ምን ያውቃል የምትሉ አትጠፉም፤ እውነት ነው፣ ብዙ አላውቅም። ግን ሰው በተያዘ ማግስት ቤተሰቡ እየተንደረደረ የሚመጣው እኔ ጋ ነው። ስለዚህ ድንጋጤውን አውቀዋለሁ።

አንድ ጊዜ አንዲት እናት ከሁለት ወንድሞቻቸው ጋር መጡ። ልጃቸው በገበያ ቀን ተይዟል፤ አራተኛ ቀኑ ነው፤ ዳኛ ፊት አልቀረበም። «ቅዳሜና እሑድ አይቆጠርም ብለውናል» አሉኝ። እኔም ብዕሬን አነሳሁና «ስንት ሰዓት ላይ ተያዘ?» አልኳቸው። እናትየው ከዐስር በኋላ ነው አሉ። አንደኛው አጎት መግሪብ ላይ ነው አለ። ሌላኛው ኢሻ ሰግደን ስንወጣ ነው አለ። ሦስት ሰው፣ ሦስት ሰዓት። እኔም «በዕለቱ» ብዬ ጻፍኩና ሰደድኳቸው። ኋላ መዝገቡ ሲታይ ልጁ የተያዘው በማግስቱ ጠዋት ነው ተብሎ ተጽፏል። ዳኛው የሚያየው ወረቀት ነው፤ የኛ ወረቀት ሰዓት አልነበረውም። ጥፋቱ የጣቢያው ብቻ አልነበረም፤ የኔም ነበር። ያን ቀን ነው ሕጉን ገዝቼ ማንበብ የጀመርኩት።

ሕጉ የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ይባላል። በንጉሡ ዘመን የወጣ ነው፤ ደርግ መጥቶ ሄደ፣ ኢሕአዴግም መጥቶ ሄደ፣ እሱ ግን አሁንም ይሠራል። አንቀጽ 29 የተያዘ ሰው በአርባ ስምንት ሰዓት ውስጥ በአቅራቢያው ወዳለ ፍርድ ቤት ይቅረብ ይላል። ግን ቀዳዳ አለው፤ ይህ ካልተቻለ የቦታው ሁኔታና መገናኛው እንደፈቀደ ይላል። በዚያ ዘመን መንገድ አልነበረም፣ ሰው በበቅሎ ነበር የሚወሰደው፤ ይሁን። በ1987 የጸደቀው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 19 ይህን ቀዳዳ አጠበበው። ከአርባ ስምንቱ ሰዓት ውጭ የሚታሰበው ከተያዘበት ቦታ እስከ ፍርድ ቤት ለሚደረገው ጉዞ በአግባቡ የሚፈጀው ጊዜ ብቻ ነው። ቅዳሜ የለበትም፤ እሑድ የለበትም። ጉዞው ምን ያህል ነው? የሀብሩ ወረዳ ፍርድ ቤት እዚሁ መርሳ ነው። ከዚህ ወልዲያ ድረስ ቢሆን እንኳ በአይሱዙ አንድ ሰዓት ይበቃል። እኛ ግን አራት ቀን ቁጭ ብለን ስንቅ እናመላልሳለን።

እንግዲህ ከዛሬ ጀምሮ ሰው ሲያዝ መጀመሪያ ሰዓቱን ጻፉ። ማን ያዘው፣ የት ወሰዱት፣ ማን አየ። በስልካችሁም ቢሆን ጻፉት። ጩኸትና ግርግር ለልጁ አይጠቅመውም፤ እንዲያውም ሌላ ሰው ይጨምራል። የተጻፈች ሰዓት ግን ትጠቅማለች።

አንድ ነገር ላክል፤ ይህ ሰው ሁሉ የሚያልፈው ነው። አንቀጽ 28 ጉዳዩ ጽኑ እስራት የማያስቀጣ ከሆነ፣ ወይም ወንጀሉ መፈጸሙ የሚያጠራጥር ከሆነ፣ መርማሪው ራሱ ከጣቢያ በዋስ ሊለቅ እንደሚችል ይናገራል። የገበያ ጠብ፣ የድንበር ስድድብ አብዛኛው ከዚያ አያልፍም። ዋስ ይዞ ቀርቦ በትሕትና መጠየቅ ነው። ሳይጠየቅ የሚሰጥ ግን አላየሁም።

ወደ ቃል አሰጣጥ ስንመጣ አንቀጽ 27 ተጠርጣሪው መልስ ለመስጠት አይገደድም፤ ይህም ሊነገረው ይገባል ይላል። የሚናገረው ነገር ማስረጃ ሆኖ ሊቀርብበት እንደሚችልም ይነገረዋል። ቋንቋውን ካላወቀ አስተርጓሚ ይመደብለታል፤ ከቆላ ለገበያ የሚወጣው የአፋር ወንድማችን አማርኛ ሰላምታ ስለሚያውቅ ብቻ የአማርኛ ቃል ላይ አይፈርምም። አንቀጽ 31 ደግሞ ማስፈራራትንም ማባበልንም ይከለክላል። «ፈርምና ቤትህ ሂድ» የሚለው ማባበል ነው። ያላነበባችሁትን፣ ያልተነበበላችሁን ወረቀት አትፈርሙ። እኔ በዚህ ወንበር ላይ ያየሁት ለቅሶ ግማሹ የመጣው ከዱላ ሳይሆን ከዚያች ፊርማ ነው።

አሁን ሁላችንም ወደምናስበው ጉዳይ ልምጣ። ኮሚቴዎቻችን ሐምሌ 2004 ተይዘው ማዕከላዊ ገቡ። ክስ የተመሠረተባቸው ጥቅምት 2005 ነው። እንዴት ይህን ያህል ቆዩ ብላችሁ ጠይቃችሁኝ ነበር። መልሱ በሁለት ሕጎች መካከል ነው። የ1954ቱ ሕግ አንቀጽ 59 ለምርመራ የሚሰጥ ቀጠሮ በእያንዳንዱ ጊዜ ከዐሥራ አራት ቀን አይበልጥም ይላል። ስንት ጊዜ ይደጋገማል የሚለውን ግን አልወሰነም፤ ይህ የቆየ ጉድለቱ ነው። ኋላ በ2012 የተሻረው የጸረ ሽብር አዋጅ፣ ቁጥር 652/2001፣ አንቀጽ 20 ደግሞ የሚጠየቀው ቀጠሮ ከሃያ ስምንት ቀን አያንስም ይል ነበር፤ ጠቅላላውም እስከ አራት ወር ይደርስ ነበር። አስተውሉ፤ በቀድሞው «አይበልጥም» የነበረው በአዲሱ «አያንስም» ሆነ። አንዲት ቃል ናት። በዚያች ቃል ውስጥ ግን ሰው ከነጠበቃው ጥያቄ ለወራት ይዋጥ ነበር፤ ከፊሎቹ ለሳምንታት ጠበቃ አላገኙም።

ከዚያ ጥር 2005 ችሎቱ ለሕዝብ ተዘጋ። ጥር 28 ምሽት «ጂሐዳዊ ሐረካት» የተባለው ፊልም በቴሌቪዥን ተላለፈ፤ ፍርድ ቤት አግዶት ሳለ። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 የተከሰሰ ሰው እስኪፈረድበት እንደ ንጹሕ ይቆጠራል ይላል። እኛም ተቆጣን፤ መቆጣታችን ትክክል ነው።

ግን እስቲ እርስ በርስ እንነጋገር። ባለፈው ፍየል ሰረቀ ተብሎ የተያዘውን ልጅ እኛ ምን አልነው? «ሳያደርግ አይታሰርም» አልን። በቡና ላይ ፈረድንበት። ማስረጃ የማቅረብ ሸክም የከሳሽ መሆኑን ከፊቅህ ኪታብ ከልጅነታችን ጀምሮ ስንሰማ አድገናል፤ ለኮሚቴዎቻችን ሲሆን አስታወስነው፣ ለፍየሉ ልጅ ሲሆን ረሳነው። የሱ እናትም እዚህ ሰፈር ናት።

መጽሐፉን ከየት እናግኝ ላላችሁኝ፤ ሕጉ ራሱ በነጋሪት ጋዜጣ በአማርኛ ታትሟል፤ ከሕግ መጻሕፍት ሻጮች ይገኛል። ሕጉን የሚያብራሩት መጻሕፍት ግን በብዛት እንግሊዝኛ ናቸው። ፊሸር የተባሉ አስተማሪ በ1969 በፈረንጅ አቆጣጠር ያሳተሙት ትልቅ መጽሐፍ አለ፤ በኛ ዘመን አቶ ስሜነህ ኪሮስና አቶ ወንድወሰን ደምሴ የጻፏቸው አሉ። ሁሉም ጥሩ ሥራዎች ናቸው፤ የሕግ ተማሪ ልጆቻችን ያነቧቸዋል። ነገሩ ግን ይገርመኛል። ሕጉ አማርኛ፣ ፖሊሱ አማርኛ፣ ታሳሪው አማርኛ፤ ማብራሪያው ብቻ እንግሊዝኛ።

ወሎ ለዚህ መላ አጥቶ አያውቅም። አባቶቻችን የዐረብኛውን ኪታብ እንዴት ነበር የቀሩት? ሸኹ ቃሉን ያነባሉ፤ በአማርኛ ይፈቱታል፤ ደረሳው ይደግማል፤ ያልገባው ይጠይቃል። አንድ ገጽ ሦስት ቀን ይፈጅ ነበር፤ ማንም አይቸኩልም። ይህንንም እንደዚያው እንቅራው ነው የምለው። ወልዲያ ዩኒቨርሲቲም ይሁን ሌላ ቦታ ሕግ የሚማር ልጅ ያላችሁ ለእረፍት ሲመጣ ላኩልን፤ እንግሊዝኛውን እሱ ይፍታልን። እናቶችም ይምጡ፤ ጣቢያ በር ላይ የሚቆሙት እነሱ ናቸው። ለምሳሌ በሕገ ወጥ መንገድ የተያዘን ሰው አካሉን ነፃ ለማውጣት የሚቀርበው አቤቱታ ከዚህ መጽሐፍ ውስጥ የለም፤ በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 177 ነው ያለው። ታሳሪው ራሱ ቃለ መሐላ መስጠት ካልቻለ ሌላ ሰው፣ እናቱም ብትሆን፣ ያልቻለበትን ምክንያት ገልጻ ስለ እሱ ልትምልለት ትችላለች። ይህን ስንት እናት ታውቃለች?

ኢንሻአላህ ሰኞ ከዐስር በኋላ እዚሁ እንጀምራለን። የመጀመሪያው ቀን ከአንቀጽ 25 እስከ 29 ነው። የወርጌሳና የስሪንቃ ልጆች መኪና እንዳያመልጣችሁ ከመግሪብ በፊት እንጨርሳለን። ደብተር ይዛችሁ ኑ፤ እኔ ጋ ያለው መጽሐፍ አንድ ብቻ ስለሆነ በየተራ ነው የምናነበው።