ስም መቀየር ተውበት አይሆንም

ምስጋና ለአላህ ይገባው፤ ሰላትና ሰላም በነቢያችን ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.) ላይ ይሁን።

በዛሬው ዝግጅታችን ስሙን ጥሎ በሌላ ስም ስለኖረ ሰው እናወጋችኋለን።

በሰርቢያ ዋና ከተማ በቤልግሬድ ዶክተር ድራጋን ዳቢች የሚባል ሰው ይኖር ነበር። ነጭ ጺሙን አሳድጎ፣ ረጅም ጸጉሩን አናቱ ላይ ቋጥሮ፣ ትልቅ መነጽር አድርጎ ይሄዳል። ሰው እፈውሳለሁ ይላል፤ በጤና መጽሔት ይጽፋል፤ በአዳራሽ ንግግር ያደርጋል። እ.ኤ.አ. ጁላይ 21 ቀን 2008 የከተማ አውቶቡስ ተሳፍሮ ሳለ ተያዘ። ጺሙ ሲላጭ ዓለም የሚያውቀው ፊት ወጣ። የቦስኒያ ሰርቦች መሪ የነበረው ራዶቫን ካራዲች ነበር።

ይህ ሰው የሚፈለገው በምን ነበር? እ.ኤ.አ. በጁላይ 1995 በስሬብሬኒትሳ ከ8,000 በላይ ሙስሊም ወንዶችና ታዳጊ ልጆች ከእናቶቻቸውና ከሚስቶቻቸው ተነጥለው ተገደሉ። ሳራዬቮም ለአራት ዓመት ገደማ ተከብባ ስትደበደብ ኖራለች። ዓለም አቀፉ ፍርድ ቤት በዚያው ዓመት ከሰሰው። እርሱ ግን ከ1996 ጀምሮ ከሕዝብ ዓይን ተሰወረ።

ወንድሞችና እህቶች! እዚህ ላይ ቆም ብለን እናስብ። ገዳዮቹ ሬሳዎቹን በጅምላ ከቀበሩ በኋላ ወንጀሉን ለመደበቅ በከባድ ማሽን መልሰው ቆፍረው ወደ ሌላ ጉድጓድ አጋዙ። የአንዱ ሰው አጥንት በተለያየ ቦታ ተበተነ። እናቶች ደማቸውን ለዲኤንኤ ምርመራ ሰጡ፤ አጥንቱ የማን እንደሆነ እየተለየ ወደ 7,000 የሚጠጉት ስማቸው ተመለሰላቸው። በየዓመቱ ጁላይ 11 ቀን አዲስ የተለዩት በፖቶቻሪ ተሰግዶባቸው ይቀበራሉ። ጥቂት አጥንት ብቻ ተረክባ ልጇን የቀበረች እናት አለች። ካራዲች የሰው ስም ለብሶ በአደባባይ ሲመላለስ፣ እነዚህ እናቶች ለልጆቻቸው አጥንት ስም ይፈልጉ ነበር።

እ.ኤ.አ. በማርች 2016 በዘር ማጥፋትና በሌሎች ወንጀሎች 40 ዓመት ተፈረደበት፤ በማርች 2019 በይግባኝ ወደ ዕድሜ ልክ ከፍ አለ። በችሎቱ ሁሉ ጥፋተኛ አይደለሁም እንዳለ ነበር።

ዑለሞቻችን እንደሚያስተምሩን ተውበት ጥፋትን ማቆም፣ መጸጸት፣ ዳግም ላለመመለስ መቁረጥ ነው። የሰው ሐቅ ካለበት ደግሞ ሐቁን ለባለቤቱ መመለስ ይጨመርበታል። ስም መቀየር ከነዚህ በአንዱም ውስጥ የለም። ዕዳውን ላለመክፈል ሰፈር የሚቀይር፣ የየቲም ገንዘብ በልቶ አገር የሚለቅም መንገዱ ይኸው ነው። ጎረቤት ላያውቀው ይችላል፤ አላህ ግን በየትኛው ስም እንደሚጠራው ያውቃል።

ስለዚህ ዛሬ ማታ እያንዳንዳችን የማን ሐቅ እጃችን ላይ እንዳለ እንጠይቅ፤ ባለቤቱም በሕይወት ሳለ እንመልስ።

አላህ የተበደሉትን ይካስ፤ እኛንም ከዙልም ይጠብቀን። አሚን።

ወሰላሙ ዐለይኩም ወራሕመቱላሂ ወበረካቱህ።