ንባብና ትርጓሜ በተንቀሳቃሽ ሥዕል



ቀድሞ የተነሣ ተንቀሳቃሽ ሥዕል በቤተ መዛግብት ተጠብቆ ቆይቶ በአዲስ ፊልም ወይም በቴሌቪዥን ሲገባ፥ ያለፈውን ዘመን በዓይን የሚያሳይ ታላቅ ምስክር ነው። ነገር ግን ምስክሩን ማን እንዳቆመው፥ ከማንም አጠገብ እንዳቆመው መመርመር ይገባል።

ለዚህም ከኢትዮጵያ ታሪክ የታወቀ ምሳሌ አለ። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ከባልደረቦቹ ጋራ በወሎ የጸናውን ረኀብ በፊልም አንሥቶ፥ ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር ቴሌቪዥን አሳየ። ያየውም ሕዝብ አዝኖ ለተራቡት ብዙ ገንዘብ አዋጣ። ዓመት ሳይሞላው፥ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ፥ ደርግ ያንኑ ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳየው፤ ነገር ግን እንደ ነበረ አላሳየውም። በተራቡት ሰዎች ሥዕል መካከል የቤተ መንግሥቱ ድግስና ተድላ እየተቆረጠ ገባበት። በማግሥቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከዙፋናቸው ወረዱ።

ረኀቡ እውነት ነበረ፤ ድግሱም እውነት ነበረ፤ የረኀቡም ወሬ መሸሸጉ እውነት ነበረ። ሁለቱን ሥዕሎች ያጋጠማቸው ግን መቀስ ነው። የፍርዱን ቃል የተናገረው ከሁለቱ አንዱ ሳይሆን መጋጠማቸው ነውና፥ ተመልካቹ ንባቡን ያየ መስሎት ትርጓሜውን ተቀበለ።

ደርግም ራሱ በ1977 ዓ.ም. መባቻ 10ኛ ዓመቱን በብዙ ወጪ ሲያከብር፥ በሰሜን ረኀብ ጸንቶ ነበር። መሐመድ አሚን በኮረም ያነሣው ሥዕል ጥቅምት 13 ቀን በቢ.ቢ.ሲ. ታይቶ ዓለምን አስለቀሰ። በሌላው ላይ የተሳለ መቀስ ወደ ሳለው እጅ ሊመለስ ይችላል።

በመጽሐፍ ቤት ንባቡ ለብቻው፥ ትርጓሜውም ለብቻው እንዲታወቅ መምህራን ይጠነቀቃሉ። በሥዕልም እንዲሁ ሊሆን ይገባል። የቆየ ሥዕል የሚያሳይ ሰው የተነሣበትን ቀንና ስፍራ፥ ያነሣውንም ሰው ይናገር፤ ቆርጦ የቀጠለውንም አይሸሽግ። ተመልካቹም ከማልቀሱና ከመፍረዱ አስቀድሞ ይህን ይጠይቅ።

በየቤቱና በየደብሩ ተቀምጦ ያለው የበዓል ሥዕልም፥ የሚያውቁት ሽማግሌዎች ሳያልፉ ቀንና ስም ይጻፍበት። ስም የሌለው ሥዕል ላገኘው ሁሉ ሎሌ ይሆናልና።