ጠይቆ መልስ መጠበቅ
(በማኅበራችን ስብሰባ፣ ነገሌ ቦረና፣ አንዲት አባል ያደረገችው ንግግር)



ዛሬ ስለ ፍቅር ላወራ ነው፤ አትሳቁብኝ። አባስ ኪያሮስታሚ እ.ኤ.አ. በ1994 የሠራውን «በወይራ ዛፎች መካከል» የተባለ የኢራን ፊልም አየሁ። ሁሴን ቤት የሌለው ድሃ ግንበኛ ነው። ጣሂራን ላግባሽ ይላታል። አያቷ እምቢ ብለዋል፣ እሷም ዝም ትለዋለች። እየተከተለ መለማመጡን አልወደድኩለትም። ግን እሺታው ከእሷ አፍ እንዲወጣ ይጠብቃል።

ያኔ የዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» ትዝ አለኝ። በ2006 ዓ.ም. የወጣ፣ በእውነተኛ ታሪክ ላይ የተመሠረተ ፊልም ነው። የ14 ዓመት ተማሪ ተጠልፋ፣ ጠላፊዋን ገድላ ትከሰሳለች። ቃሉ ራሱ ሁለት ፍች አለው፤ ጀግንነትም ነው፣ መደፈርም ነው። እሱ ጠየቃት ወይ? አልጠየቃትም።

በድሮው ሕግ ጠላፊ የጠለፋትን ካገባ ከቅጣት ያመልጥ ነበር። ከ1997 ዓ.ም. ወዲህ ግን ጋብቻው አያድነውም። ሕጉስ ተለወጠ። በየቤታችን ግን ሽማግሌ ሲመጣ ልጅቷ ቡና ታፈላለች እንጂ ትጠየቃለች?

እኔ ሳልጠየቅ ተዳርኩ። ልጄን ግን እጠይቃታለሁ፤ ብትዘገይም መልሷን እጠብቃለሁ። እናንተስ?