የጎንደር ሥዕልና የዘመኑ ጨዋታ



ጃፓኖች ሥዕልን በእንጨት ላይ ቀርጸው በወረቀት የማተም የቈየ ጥበብ አላቸው። ሠዓሊው ይነድፋል፤ ቀራጩ የቼሪ እንጨት ይፈለፍላል፤ አታሚው ለየቀለሙ በተለየ እንጨት እያከታተለ ያትማል። እ.ኤ.አ. በ2012 ጄድ ሄንሪ የተባለ አሜሪካዊ ሠዓሊ የቪዲዮ ጌም ጀግኖችን በዚሁ ስልት ነደፈ፤ በቶኪዮ የሚኖረው ዴቪድ ቡል ደግሞ ቀርጾ አተመ። በዚህም አዲሱ ጨዋታ ለጥንቱ ሙያ አዲስ ገበያ ከፈተለት።

ወደ አገራችን ስንመለስ፥ የጎንደር ደብረ ብርሃን ሥላሴ በ1880 ዓ.ም. ከደርቡሽ እሳት ተርፎ፥ በጣራው ላይ ዐይናቸውን የገለጡትን መላእክት እስከ ዛሬ ያሳየናል። ለጨዋታ ሠሪ ወጣቶቻችን ከዚህ የሚበልጥ መምህር ከየት ይመጣል? ነገር ግን የቅዱሳን ሥዕል ለጸሎት እንጂ ለመጫወቻ አልተሣለም። ስለዚህ ሊወረስ የሚገባው መልካቸው ሳይሆን፥ የመሥመሩ ጥራት፥ የቀለሙ አገባብና የዐይኑ አሣሣል ነው። ይኸውም ከኮምፒዩተር ብቻ አይገኝም፤ ቀለም በጥባጩ ሠዓሊ አጠገብ ተቀምጦ መማርን ይጠይቃል። ሄንሪም አሳቡ የሠመረለት ቀራጩን የሥራ ጓደኛው ስላደረገ ነው። እኛ ግን ሠዓሊውን ትተን ሥዕሉን ብቻ የገለበጥን እንደ ሆነ፥ ጥላውን ጨብጠን አካሉን እንለቃለን።