ተጠባባቂ ማለት ትርፍ ማለት አይደለም
(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ቀን በ12ኛ ክፍል ተማሪዎች ስም የተደረገ ንግግር)



ዛሬ በዚህ በዓል ላይ ስለ አንደኞች ብዙ ሰምተናል፤ ሽልማታቸውን ሲቀበሉም አጨብጭበናል፤ የሚገባቸውም ነው። እኛ ግን በተሰጠን ጥቂት ጊዜ አንደኛ ስላልሆነ ሰው ለመናገር አስበናል። እርሱም ኢሽ ስሚዝ የሚባል፣ የቅርጫት ኳስ ተጫዋች የነበረ አሜሪካዊ ነው። ዘመኑን የምንጠቅሰው በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆኑን አስቀድመን እናስታውቃለን።

ኢሽ ስሚዝ በ1988 በሰሜን ካሮላይና፣ በሻርሎት ከተማ ተወለደ። ቁመቱ 1 ሜትር ከ83 ሳንቲሜትር ያህል ነው። ይህ ቁመት በእኛ ዘንድ ረዥም ቢያሰኝም፣ ኤን ቢ ኤ በሚባለው በታላቁ የአሜሪካ የቅርጫት ኳስ ውድድር ግን ከአጭሮቹ ወገን ያስቆጥራል። በ2010 የዩኒቨርሲቲ ጨዋታውን ሲፈጽም፣ ቡድኖቹ አዳዲስ ተጫዋቾችን በሚመርጡበት ቀን 60 ስሞች ተጠሩ፤ የእርሱ ስም ግን አልተጠራም።

ሳይመረጥ ቢቀርም የሂውስተን ቡድን ሞከረውና ቀጠረው። ከዚያ በኋላ ሜምፊስ፣ ጎልደን ስቴት፣ ኦርላንዶ፣ ሚልዎኪ፣ ፊኒክስ፣ ኦክላሆማ ሲቲ፣ ፊላደልፊያ እያለ በ5 የውድድር ዘመን ለ8 ቡድኖች ተሰለፈ። በዚያ አገር ደንብ አንድ ቡድን የተጫዋቹን ውል ለሌላ ቡድን አሳልፎ ሊሰጥ ይችላል፤ ብዙውን ጊዜም የተጫዋቹ ፈቃድ አይጠየቅም። ደመወዙ ከብዙ ሠራተኛ ደመወዝ ይበልጥ ስለ ነበረ እንዘንለት አንልም፤ ነገር ግን ዛሬ ልብሱን የሰቀለበት ቤት ነገ የሌላ ሰው ቤት እንደሚሆን እያወቀ መሥራት ቀላል አይደለም።

የእርሱ ሥራ ኳሷን ወደ ፊት ይዞ መሮጥና ለጓደኞቹ ማከፋፈል ነበር። አከፋፋይ ደግሞ የቡድኑን አጨዋወት ሁሉ ማወቅ አለበት፤ ማን በቀኝ በኩል እንደሚቀበል፣ ማን ከቅርጫቱ ሥር እንደሚጠብቅ መለየት አለበት። አዲስ ቡድን በገባ ቁጥር ይህን ሁሉ በጥቂት ቀን ውስጥ እንደ ገና መማር ነበረበት። እንግዲህ ይህ ሰው በየጊዜው ወደ አንደኛ ክፍል የሚመለስ ተማሪ ይመስል ነበር ብንል ማጋነን አይሆንም።

በ2015 የሆነውን ልብ በሉልን። ፊላደልፊያ ውሉን ሳያድስለት ቀረ፤ ዋሽንግተን ወስዶ ውድድሩ ሳይጀመር አሰናበተው፤ ኒው ኦርሊንስ ተቀበለው። በዚያው ጊዜ ፊላደልፊያ 31 ጨዋታ ተጫውቶ ያሸነፈው አንዱን ብቻ ነበር። ስለዚህ ወደ ፊት ሁለት ተጫዋቾች የሚመርጥበትን መብት ለኒው ኦርሊንስ ሰጥቶ፣ የለቀቀውን ሰው መልሶ ወሰደ። ኢሽ ስሚዝ በተመለሰ በመጀመሪያው ጨዋታ፣ ዲሴምበር 26 ቀን፣ ቡድኑ ፊኒክስን 111 ለ104 አሸነፈ። ያ ቡድን ዓመቱን የጨረሰው በ10 ድልና በ72 ሽንፈት ነው፤ አንድ ሰው ሁሉን አይለውጥም። ሆኖም ትርፍ የተባለው ሰው ሲጎድል ቦታው ታወቀ።

በ2016 ዲትሮይት የ3 ዓመት ውል ሰጠው። በ2022 ለዴንቨር ሲሰለፍ 13ኛ ቡድኑ ሆነ፤ ከዚያ በፊት ከ12 ቡድን በላይ የተሰለፈ ተጫዋች በኤን ቢ ኤ አልነበረም። በ2023 ዴንቨር ማያሚን 4 ለ1 ረትቶ ዋንጫውን ወሰደ። ኢሽ ስሚዝ በዚያ ፍጻሜ አብዛኛውን ጊዜ ያሳለፈው በተጠባባቂ ወንበር ላይ ነበር፤ ቢሆንም የዋንጫው ተካፋይ ነው። በመጨረሻም በተወለደበት በሻርሎት ከተማ ቡድን ተጫወተ።

ጓደኞቻችን ሆይ፤ ይህን ታሪክ ያነሣነው ስለ ራሳችን ስለሚነግረን ነው። በሜዳችን ሁለት አለቆች ቆመው ተጫዋች ሲመርጡ፣ በመጨረሻ የሚቀረውን «ትርፍ» ብለን የምንስቅበት እኛው ነን። ከክፍላችን አንድ ልጅ እንዲህ ተስቆበት ወደ ሜዳ መምጣት ተወ። መቅረቱን ያስተዋልነው ከብዙ ሳምንት በኋላ፣ ቡድናችን አንድ ሰው በጎደለበት ቀን ነው። በዚያን ቀን አፈርን፤ ዛሬም በወላጆቻችን ፊት ጥፋታችንን እናምናለን።

ጸንቶ የሠራ ሁሉ ዋንጫ ያገኛል አንልም፤ ስማቸው ሳይጠራ የቀሩ ብዙዎች ናቸውና። እኛም በቅርቡ ፈተና ተቀምጠን ውጤታችንን እንጠብቃለን፤ የአንዳንዳችን ስም በመጀመሪያው ዝርዝር ላይ አይገኝም። በዚያን ጊዜ፣ ውድ ወላጆቻችን፣ ልጃችሁን ከጎረቤት ልጅ ጋር ከማስተያየታችሁ በፊት፣ ነገ ለሚጠራበት ሥራ ተዘጋጅቶ እንደ ሆነ ጠይቁት። እናንተም መምህሮቻችን፣ በኋላ ወንበር የተቀመጠውን ስሙን ጥሩት።

እኛ ደግሞ ከነገ ጀምሮ በሜዳችን ማንንም ትርፍ ላንል ቃል እንገባለን።