ስለ ዳግም ዘር አደማመር የተሰጠ ንግግር



በአዲስ አበባ በቂርቆስ ክፍለ ከተማ ካዛንቺስ የሚባል ሰፈር አለ። ስሙም የወጣው ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በነበረው በጣሊያን ወረራ ዘመን ለመንግሥት ሠራተኞች ከተሠሩትና በጣሊያንኛ «ካዜ ኢንቺስ» ከተባሉት ቤቶች ነው። በዚያም እንደ መላው ከተማ የቦታ ስፋት የሚነገረው በካሬ ሜትር ነው፤ አጥር የሚለካው ግን በሜትር ነው። ስለዚህ አራት ጐኑ እኩል የሆነ ቦታ ያለው ሰው የጐኑን ርዝመት ከስፋቱ ለማግኘት ዳግም ዘር ማውጣት ያስፈልገዋል። ዳግም ዘር ማለት በራሱ ሲባዛ የተባለውን ቁጥር የሚሰጥ ነው፤ የ9 ዳግም ዘር 3 ነው፤ ምልክቱም √ ነው።

እንግዲህ በካዛንቺስ መንገድ ዳር ጐን ለጐን ያሉ ሁለት እንዲህ ያሉ ቦታዎችን እናስብ፤ አንዱ 50፤ ሁለተኛው 18 ካሬ ሜትር ነው እንበል። ባለቤታቸው በመንገዱ በኩል ሊያጥር ቢወድ ርዝመቱ √50 + √18 ሜትር ይሆናል። ችኩል ሰው 50ንና 18ን ደምሮ √68 ይላል፤ ይኸውም 8 ሜትር ከሩብ ያህል ነው። ይህ ስሕተት ነው። √9 + √16 ሰባት ሲሆን፤ √25 ግን አምስት መሆኑን ተመልከቱ።

ትክክለኛው መንገድ ይህ ነው። 50 ማለት 25 ጊዜ 2 ነው፤ የ25 ዳግም ዘር 5 ስለሆነ √50 = 5√2 ይሆናል። 18ም 9 ጊዜ 2 ነውና √18 = 3√2 ይሆናል። አምስት ቁና ጤፍና ሦስት ቁና ጤፍ ስምንት ቁና ጤፍ እንደሚሆን፤ 5√2 + 3√2 = 8√2 ነው፤ ይኸውም 11 ሜትር ከ31 ሳንቲሜትር ያህል ነው። በችኩሉ ስሌት ቆርቆሮ የገዛ ሰው ከ3 ሜትር በላይ ይጐድለዋል።

ጤፍና ባቄላ ግን በአንድ ስም አይቈጠሩም። እንዲሁም 8√2 + √3 እንዳለ ይቀመጣል እንጂ 9√5 አይባልም። በአልጀብራም ሕጉ ይኸው ነው፤ ሀ ከዜሮ የማያንስ ማናቸውም ቁጥር ቢሆን 5√ሀ + 3√ሀ = 8√ሀ ነው።

ልጆች ሆይ፤ √12 + √75ን በዚህ መንገድ ሥሩት፤ 7√3 ካገኛችሁ ነገሩ ገብቷችኋል። በመንደራችሁም ስለ ወሰን ክርክር በተነሣ ጊዜ ልክን የሚያውቅ ሰው አይታለልም፤ ባልንጀራውንም አያታልልም።